ማክሰኞ ከምሽቱ 2 ሰዓት፦ የቮድቪሉ ሚልተን በርል በቴሌቪዥን

ክቡራትና ክቡራን፣

ዛሬ የምናገረው ስለ ሚልተን በርል ነው። አሜሪካውያን ቴሌቪዥን ወደ ቤታቸው ማስገባት በጀመሩባቸው ዓመታት «ሚስተር ቴሌቪዥን» ብለው የጠሩት፣ ልጆቻቸው ደግሞ «አጎቴ ሚልቲ» ይሉት የነበረ ቀልደኛ ነው። የማነሣቸው ዓመታትና ቀናት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ሲሆኑ፣ ሰዓቱን ግን እኛ እንደምንቆጥረው እናገራለሁ።

ስለ በርል ሲጻፍ የሚደጋገም አንድ ታሪክ አለ። ከአሮጌው መድረክ የመጣ ጎበዝ ተጫዋች አዲሱን መሣሪያ ቶሎ ተማረ፣ አገር ምድሩን አሳቀ፣ በኋላም ደከመውና ወረደ የሚል ነው። እኔ በዚህ አልስማማም። በርል ቴሌቪዥንን አልተማረም፤ ሊማርም አላስፈለገውም ነበር። በ1948 የነበረው ቴሌቪዥን በጥቂት ትልልቅ ከተሞች ብቻ የሚታይ፣ ሁሉም ነገር በቀጥታ የሚተላለፍበት፣ ከአንድ የቮድቪል አዳራሽ ብዙም የማይለይ ነገር ስለነበር፣ በርል ለሠላሳ ዓመት ያህል ሲሠራው የኖረውን እዚያው ይዞት ገባ። ቴሌቪዥኑ አድጎ ከአዳራሽነት ሲወጣ ደግሞ ያ ሰውና ያ ሥራ ቦታ አጡ። ያነሣውም የጣለውም አንድ ነገር ነው ማለቴ ነው፤ ይህን ለማሳየት አስቀድሜ ስለ ቮድቪል ትንሽ መናገር ይኖርብኛል።

ቮድቪል ከ1880ዎቹ ጀምሮ እስከ 1930ዎቹ መግቢያ ድረስ የአሜሪካ ከተሞች ዋነኛ መዝናኛ ነበር። ተመልካቹ በአንድ ትኬት ስምንት ወይም ዘጠኝ ትርኢት ያያል፤ አክሮባት፣ ዘፋኝ፣ የሠለጠኑ ውሾች፣ አስማተኛ፣ ዳንሰኞች፣ አጭር ድራማ፣ ሁለት ሰዎች ቆመው የሚለዋወጡት ጭውውት። ትርኢቶቹ በታሪክ አይያያዙም፤ ቅደም ተከተላቸው ግን በጥንቃቄ የተሰላ ነበር። በመክፈቻው ላይ ንግግር የሌለበት ትርኢት ይቀርባል፤ ሰዉ ገና እየገባ ወንበሩን በሚፈልግበት ሰዓት የሚነገር ቀልድ የሚሰማው የለምና። ትልቁ ኮከብ የሚወጣው ከመጨረሻው አንድ ቀድሞ ነው። መዝጊያው የደረሰው ምስኪን ደግሞ ኮቱን እየደረበ ለሚወጣ ሕዝብ ጀርባ ይጫወታል። ከመጋረጃው ጀርባ ዕቃ ሲቀያየር መድረኩ ባዶ እንዳይሆን፣ አንድ ሰው ወይም ሁለት ሰዎች ከመጋረጃው ፊት ባለችው ጠባብ ቦታ ቆመው ሕዝቡን ያጫውታሉ። ይህችን ጠባብ ቦታ አደራ አስታውሱልኝ፤ ወደ በኋላ እመለስባታለሁ።

ሥራው በጥብቅ ይመራ ነበር። በቦስተን የጀመረው ቢ. ኤፍ. ኪት ከተባባሪው ከኢ. ኤፍ. አልቢ ጋር የዘረጋው የቴአትር ቤቶች ሰንሰለት ሴቶችና ልጆች ሳያፍሩ የሚገቡበት ንጹሕ መዝናኛ ለመሆን ይፈልግ ስለነበር፣ ነውር ቃል የሚናገር ተጫዋች እንደሚባረር የሚያስጠነቅቅ ማስታወቂያ ከመድረክ ጀርባ ይለጠፍ ነበር። ተጫዋቾች ሰኞ ጠዋት የሙዚቃ ወረቀታቸውን ለኦርኬስትራው ሰጥተው ይለማመዳሉ፤ ከሰኞው የቀን ትርኢት በኋላ ሥራ አስኪያጁ ስለ እያንዳንዳቸው ሪፖርት ጽፎ ወደ ዋናው ቢሮ ይልካል። ያልተሳካለት ሰው ቦታው ይለወጣል ወይም ይሰናበታል። በኋላ ስፖንሰሮች ለቤተሰብ የሚሆን፣ ማንንም የማያስቀይም መዝናኛ ሲፈልጉ፣ ከግማሽ ምዕተ ዓመት በላይ በዚህ ሥርዓት የተገራ ሠራተኛ ተዘጋጅቶ ጠበቃቸው።

ከሁሉ በላይ ልብ ልንለው የሚገባን የቮድቪል ኢኮኖሚ ነው። አንድ ተጫዋች 12 ወይም 15 ደቂቃ የምትሆን ጥሩ ትርኢት ካበጀ፣ እሷን ይዞ ከከተማ ከተማ እየዞረ ለዓመታት እንጀራውን ይበላባታል። በዚህ ሳምንት በክሊቭላንድ የሳቀው ሕዝብ በሚቀጥለው ሳምንት በፒትስበርግ ከሚስቀው ሕዝብ ጋር አይገናኝም። ስለዚህ ቀልዱ አያልቅም፤ እንዲያውም በየምሽቱ እየተላገ ይሄዳል፤ የትኛዋ ቃል ሳቅ እንደምታመጣ፣ የትኛዋ ዝምታ እንደምትጠቅም ተጫዋቹ በሺህ ጊዜ ሙከራ ያውቀዋል። የቀልድ ስርቆት እንደ ከባድ ወንጀል የሚቆጠረውም ለዚህ ነው፤ የሰውየውን 15 ደቂቃ የሰረቀ ሰው ማሳውን ወሰደበት ማለት ነው።

በርል የተወለደው በሐምሌ 1908 በኒው ዮርክ ሃርለም ውስጥ ነው፤ የቤት ስሙ ሜንደል በርሊንገር ነበር። አባቱ ሥራ የማይቀናቸው ሰው ነበሩ፤ እናቱ ሳራ በትልልቅ መደብሮች ውስጥ ሌባ የሚጠብቁ ሠራተኛ ሆነው ቤተሰቡን ይደግፉ ነበር። ልጁ በአምስት ዓመቱ የቻርሊ ቻፕሊንን አስመስሎ በመጫወት ውድድር አሸነፈ፤ ከዚያች ቀን ወዲህ እናቱ ከመድረክ አላወረዱትም ብንል ማጋነን አይሆንም። በ1920ዎቹ መጀመሪያ ኤልሳቤጥ ኬኔዲ ከምትባል ልጅ ጋር ጥንድ ሆኖ በቮድቪል ዞረ፤ በኋላም ብቻውን ወጣ። እናቱ አብረው እየተጓዙ በየአዳራሹ ከሕዝቡ መካከል ይቀመጡና ቀልዱ ሲመጣ ከሁሉ ቀድመው ጮክ ብለው ይስቁለት ነበር። የሌላውን ቀልድ ሳያፍር ይወስዳል ተብሎ በሙያ ባልደረቦቹ ዘንድ ይታማ ነበር። ሐሜቱን እንኳን ሊያስተባብል ራሱ ቀልድ አደረገው፤ የሌላውን ሰው ቀልድ ሲሰማ እርሳስና ወረቀት ከእጄ እስኪወድቅ ድረስ ሳቅሁ ይል ነበር።

የመድረክ ጠባዩን ማወቅ ይጠቅማል። በርል በረቀቀ አነጋገር የሚያስቅ ሰው አልነበረም። ይሮጣል፣ ይወድቃል፣ ውኃ ይደፋበታል፣ የሴት ቀሚስ ለብሶ ተረከዘ ረጅም ጫማ ተጫምቶ ይንገዳገዳል፣ የሌሎችን ትርኢት መሀል ገብቶ ያበላሻል። ቀልዶቹ ከአፉ የሚወጡት እንደ መትረየስ ነው፤ አንዱ ባያስቅ ሰዉ ሳያስተውለው ሁለተኛው ይደርሳል። በሰገነቱ መጨረሻ ወንበር ላይ ለተቀመጠው ርካሽ ትኬት ገዢ ሳይቀር እንዲታይ ሁሉን ነገር ያገዝፋል። በ1930ዎቹ መጀመሪያ በኒው ዮርኩ ፓላስ ቴአትር የመድረክ መሪ ሆኖ ሠራ። በ1913 የተከፈተው ፓላስ የቮድቪል ተጫዋች ሁሉ አንድ ቀን ልቁምበት ብሎ የሚመኘው መድረክ ነበር።

ይሁን እንጂ በርል ፓላስ ሲደርስ ቤቱ እየፈረሰ ነበር። በ1928 የኪትና የአልቢን ሰንሰለት የወረሱት ቴአትር ቤቶች አርኬኦ በተባለ አዲስ የፊልም ኩባንያ ውስጥ ተጠቃለሉ። ከዚህ ውል ጀርባ ከነበሩት ዋነኞች አንዱ የሬዲዮ መሣሪያ አምራቹ አርሲኤ ነው፤ ፍላጎቱም የራሱን የድምፅ ፊልም መሣሪያ የሚተክልባቸው አዳራሾች ማግኘት ነበር። ድምፅ ያለው ፊልምና ታላቁ የኢኮኖሚ ቀውስ ተደጋግፈው ቮድቪልን ቀበሩት፤ ፓላስም ራሱ በ1932 ፊልም ቤት ሆነ። እንግዲህ የበርልን ፕሮግራም ያሰራጨው የኤንቢሲ ኔትወርክ ባለቤት ያኔ ማን ነበር? ይኸው አርሲኤ ነበር። አዳራሾቹን ለፊልም ያስረከበው ኩባንያ ከሃያ ዓመት በኋላ የቴሌቪዥን መቀበያ ለመሸጥ ሲፈልግ የሞተውን ቮድቪል ከመቃብር አስነሣው። በ1949 ፓላስ ራሱ ስምንት ትርኢቶችን ከፊልም ጋር እያጣመረ እንደገና ማሳየት መጀመሩም ያለ ምክንያት አልነበረም።

ከቮድቪል የተረፉት አብዛኞቹ በመሀሉ ያሉትን ዓመታት ያለፉት በሬዲዮ ነው። ጃክ ቤኒ፣ ፍሬድ አለን፣ ጆርጅ በርንስና ግሬሲ አለን የሬዲዮ ባለጸጎች ሆኑ። በርል ግን ከአንድ ፕሮግራም ወደ ሌላ እየተዛወረ ደጋግሞ ቢሞክርም አልቀናውም፤ የሚወድቅ ሰው በሬዲዮ አይታይምና። ከዚህ ጋር የሚሄድ አንድ ነገር ልጥቀስ። በ1932 ኤድ ዊን የተባለው የመድረክ ቀልደኛ የነዳጅ ኩባንያው ቴክሳኮ ስፖንሰር ያደረገውን የሬዲዮ ፕሮግራም ሲጀምር፣ አድማጭ የማያየውን የቀልደኛ ልብሱን ሙሉ ለሙሉ ለብሶ በስቱዲዮ በተሰበሰበ ተመልካች ፊት ይጫወት ነበር። ያ ሕዝብ በልብሱ ሲስቅ ቤት ያለው አድማጭ ምን እንዳሳቀው ሳያውቅ ያዳምጣል። ይኸው ቴክሳኮ ነው በ1948 የበርልን የቴሌቪዥን ፕሮግራም የከፈለው።

በሬዲዮ አለመሳካቱ ለበርል ዕድል ሆነለት። በ1948 የሬዲዮ ታላላቆች ቴሌቪዥንን የሚያዩት በጥርጣሬ ነበር፤ ከሬዲዮ የሚያገኙት ገንዘብ ብዙ ነው፣ ቴሌቪዥን ያለው ሰው ጥቂት ነው፣ ሥራው ደግሞ ቃል መሸምደድና ልብስ መቀየር ይጠይቃል። በርል የሚያጣው የሬዲዮ ርስት አልነበረውም። ካሜራም አዲሱ አልነበረም፤ በ1929 በቺካጎ በተደረገ የሙከራ ስርጭት ላይ ፊቱን አሳይቶ ነበር። ሰኔ 8 ቀን 1948 ማክሰኞ ከምሽቱ 2 ሰዓት ላይ «ቴክሳኮ ስታር ቲያትር» በኤንቢሲ ተጀመረ። ከመጀመሪያዎቹ እንግዶች መካከል ዘፋኟ ፐርል ቤይሊና እጁን አሻንጉሊት አድርጎ የሚያናግረው ሴኞር ዌንሴስ ነበሩ። በዚያ በጋ ሌሎች መድረክ መሪዎችም በየተራ ተፈትነው ነበር፤ ከመስከረም ጀምሮ ግን ፕሮግራሙ ለበርል ተሰጠ።

ስርጭቱ የሚወጣው በሮክፌለር ሴንተር ከሚገኘው ስቱዲዮ 6ቢ ነው፤ ለሬዲዮ ተሠርቶ በኋላ ለቴሌቪዥን የተለወጠ ክፍል ነው። ከዚያን ጊዜ ፊልሞች አንዱን ለማየት ዕድል ያገኘ ሰው የመክፈቻውን ሥርዓት አይረሳም። የነዳጅ ማደያ ሠራተኛ ልብስ የለበሱ አራት ወንዶች ወጥተው ስለ ቴክሳኮ ይዘምራሉ። ቀጥሎ መጋረጃው ተከፍቶ በርል በአንድ የማይታመን ልብስ ይገባል፤ ንግሥት ሆኖ፣ የዋሻ ሰው ሆኖ፣ ሙሽሪት ሆኖ። ሕዝቡ በልብሱ ብቻ ይስቃል። ከዚያ ቀልዶቹ ይዘንባሉ። ማስታወቂያው ራሱ ትርኢት ነው፤ ሲድ ስቶን የተባለ ተጫዋች ሱቅ በደረቴ መስሎ በአፈ ጮሌነት ዕቃ ሲያሻሽጥ ቆይቶ የቴክሳኮን ቤንዚን ያወድስና በፖሊስ ተባሮ ይሮጣል። ሽያጩን ከቀልዱ ለይቶ ለማውጣት ያስቸግራል፤ ስፖንሰሩም የፈለገው ይህንኑ ነው።

ከተደጋጋሚዎቹ ቀልዶች አንዱን ቀረብ ብለን እንየው። በጭውውቱ መሀል በርል «ሜካፕ» የሚል ቃል ሳያስበው ይናገራል ወይም ሌላው እንዲናገር ያደርጋል። ወዲያው ከመድረኩ ጎን አንድ አጭር ሰው «ሜካፕ!» እያለ ሮጦ ይደርስና በትልቅ የፓውደር መቀቢያ ፊቱን ይመታዋል፤ ነጭ ዱቄት እንደ ጭስ ይነሣል፣ በርል ዓይኑን ብቻ እያርገበገበ ይቆማል። ሕዝቡ ቃሉ እንደሚመጣ አስቀድሞ ያውቃል፤ የሚስቀውም በመጠበቁ ነው። ይህ ከራስ ፀጉሩ እስከ እግር ጥፍሩ ቮድቪል ነው፤ የሰገነቱ ሰው ሳይቀር ይገባዋል። ግን ለዚያን ጊዜው ቴሌቪዥንም ልክ ነበር። ብዙዎቹ መቀበያዎች 10 ኢንች ያህል የሆነ መስታወት ያላቸው፣ ምስላቸው ግራጫና የሚንቀጠቀጥ ነበሩ። በመጠጥ ቤት ውስጥ በአንዲት እንዲህ ባለች ሣጥን ዙሪያ ሠላሳ ሰው ተሰብስቦ ሲያይ የፊት ላይ ስውር ፈገግታ አይታየውም፤ ነጭ ዱቄት የተደፋበት ሰው ግን ከበሩ አጠገብ ለቆመውም ይታየዋል። ለሰገነት የተሠራው ግዝፈት ለትንሿ መስታወት የሚያስፈልገው ግዝፈት ሆኖ ተገኘ።

ቀጥታ ስርጭቱም እንዲሁ ለመድረክ ሰው የሚስማማ ነበር። ቪዲዮ ቴፕ ገና አልተፈጠረም፤ ሥራ ላይ የዋለው በ1956 ነው። ተጫዋቹ ቃል ቢዘነጋ፣ ዕቃ ቢወድቅ፣ ልብስ ቢቀደድ አገር ያያል። የፊልም ተዋናይ በዚህ ይደነግጣል፤ በየምሽቱ ከሰካራምና ከሚያላግጥ ወጣት ጋር ሲሟገት ያደገ የቮድቪል ሰው ግን ስህተቱን ቀልድ አድርጎ ያልፈዋል። በርል በሚለውጠው ልብስና በሚቀያየረው መድረክ መሀል ያለውን ክፍተት የሚሞላው አንድ ዳንሰኛ ከመጋረጃው ፊት እንዲጫወት በማድረግ ነው፤ ይህም ቃል በቃል የኪት አዳራሾች ዘዴ ነው። በልምምድ ጊዜ ፎጣ አንገቱ ላይ ጥሎ፣ ፊሽካ አንጠልጥሎ፣ መብራቱንም ካሜራውንም ኦርኬስትራውንም ራሱ ያዝ ነበር። አብረውት የሠሩ ሰዎች ብዙዎቹ በዚህ ተማርረዋል። እኔ ግን እፈርድለታለሁ፤ በ1948 የቴሌቪዥን ትርኢት እንዴት እንደሚሠራ የሚያውቅ ሰው ስላልነበረ፣ የመድረክን ትርኢት የሚያውቅ ሰው መምራቱ ተገቢ ነበር።

ሥልጣኑን በበጎ የተጠቀመበት ጊዜም አለ። በሕይወት ታሪኩ እንደ ጻፈው፣ ጥቁሮቹን ዳንሰኞች አራቱን ስቴፕ ብራዘርስ ሊያቀርብ ሲል ከስፖንሰሩ ወገን ተቃውሞ ገጠመው፤ እነሱ ካልወጡ እኔም አልወጣም ብሎ እስከ መጨረሻዎቹ ደቂቃዎች ድረስ ጸና፤ ስርጭቱ ሊጀመር አሥር ደቂቃ ሲቀረው ተፈቀደላቸው። ይህ የራሱ ምስክርነት ነው፤ ጥቁር አርቲስቶች በዚያ መድረክ ላይ በተደጋጋሚ መታየታቸው ግን በፊልም ተቀርጾ ቀርቷል።

የሆነው ነገር ከልክ በላይ ነበር። ማክሰኞ ማታ ምግብ ቤቶችና ፊልም ቤቶች ባዶ ይሆኑ ነበር፤ በዲትሮይት ከተማ ከምሽቱ 3 ሰዓት ላይ፣ ፕሮግራሙ እንዳለቀ፣ የውኃ ማጠራቀሚያው ድንገት ይጎድል ነበር ተብሎ ይነገራል፤ ሕዝቡ ሁሉ መጸዳጃ ቤት ለመሄድ የበርልን ማለቅ ይጠብቅ ነበርና። ይህን ወሬ እንደ ወሬ ውሰዱት። የተመዘገበው ግን ብዙም አይተናነስም። በግንቦት 1949 «ታይም» እና «ኒውስዊክ» መጽሔቶች በአንድ ሳምንት ሁለቱም በርልን በሽፋናቸው አወጡ። በዚያው ዓመት ለካንሰር ምርምር ገንዘብ ለማሰባሰብ 16 ሰዓት ያህል በካሜራ ፊት ቆሞ ከ1 ሚሊዮን ዶላር በላይ ቃል አስገባ። በ1950–51 የስርጭት ዘመን የተመልካችን ብዛት የሚለካው የኒልሰን ኩባንያ ፕሮግራሙን 61.6 በመቶ በሆነ ውጤት ከሁሉ አንደኛ አደረገው።

አሁን ወደ ክርክሬ ልመለስ። ይህ ተመልካች ማን ነበር? በመስከረም 1948 መጨረሻ የፌዴራል ኮሙኒኬሽን ኮሚሽን አዲስ የጣቢያ ፈቃድ መስጠት አቆመ፤ እገዳው እስከ ሚያዝያ 1952 ቆየ። ስለዚህ በእነዚያ ዓመታት ቴሌቪዥን የጥቂት ከተሞች፣ በተለይም የኒው ዮርክና የምሥራቅ ጠረፍ ከተሞች ጉዳይ ነበር። ምስል በሚያስተላልፈው ኮአክሲያል ኬብል ያልተገናኙ ጣቢያዎች ትርኢቱን የሚያገኙት ከመቀበያ መስታወት ላይ በተነሣ ኪኒስኮፕ በሚባል ፊልም ነው፤ ያም ቀናት ዘግይቶና ደብዝዞ ይደርሳል። በርል ስለ ምድር ባቡር፣ ስለ ብሩክሊን፣ ስለ ብሮድዌይ ሐሜት ሲቀልድ፣ ከቤተሰቡ የወረሰውን የይዲሽ ቅላጼ ጣል ሲያደርግ፣ የሚሰማው ሰው በአብዛኛው በቮድቪል አዳራሽ የለመደው ያው የከተማ ሰው ነበር። መቀበያው ተለወጠ እንጂ ታዳሚው አልተለወጠም።

ከዚያ ጎርፉ መጣ። በ1950 መቀበያ የነበራቸው ቤቶች 3.9 ሚሊዮን ያህል ሲሆኑ ከመቶ ዘጠኝ መሆናቸው ነው፤ በ1955 ከ30 ሚሊዮን አልፈው ከአገሪቱ ቤቶች ሁለት ሦስተኛ ለመሆን ተቃርበው ነበር። በመስከረም 1951 የማስተላለፊያው መስመር ከምሥራቅ እስከ ምዕራብ ጠረፍ ተዘረጋ። አዲሱ ተመልካች የካንሳስ ገበሬ፣ የቴክሳስ ነጋዴ፣ በደቡብ ያለ የቤተ ክርስቲያን አገልጋይ ነበር፤ የሚያየውም በመጠጥ ቤት ሳይሆን ከሚስቱና ከልጆቹ ጋር በሳሎኑ ነው። የኒው ዮርክ ቀልድ ለእሱ የሩቅ አገር ወሬ ነው። የቴሌቪዥን ታሪክ አጥኚዎች የበርልን መውረድ በዋናነት ከዚህ ጋር ያያይዙታል፤ እኔም በዚህ በኩል ከእነሱ ጋር ነኝ።

ሁለተኛው ምክንያት የቀልዱ ማለቅ ነው። የ15 ደቂቃውን ሰው አስታውሱ። በርል በዓመት 39 ሳምንት ያህል በየሳምንቱ አንድ ሰዓት መሙላት ነበረበት። በአንድ የስርጭት ዘመን የሚፈጀው ቁሳቁስ ለአንድ የቮድቪል ተጫዋች ከዕድሜ ልክ በላይ የሚሆነው ነው። በዚያ ላይ ቀልዱ በአንዲት ምሽት ለሁሉም ሰው ይነገራል፤ በማግስቱ የሚነገርበት ሌላ ከተማ የለም። በርል በካርድ መዝግቦ የሚያጠራቅመው ሰፊ የቀልድ ክምችት ነበረው፤ ከዚያ መቅዳት ቻለ፤ ግን ተመልካቹም ማስታወስ ቻለ። በሦስተኛው ዓመት የሴት ቀሚስ ለብሶ ሲገባ ሳቁ ከልማድ የሚመጣ ሆኗል።

በ1951–52 «ቴክሳኮ ስታር ቲያትር» ወደ ሁለተኛ ደረጃ ወረደ፤ ሦስተኛው ላይ ደግሞ በዚያው ዓመት የጀመረው የሉሲል ቦል የቤተሰብ ኮሜዲ ደረሰ። ያ ኮሜዲ በፊልም የሚቀረጽ፣ ታሪክ ያለው፣ ተመልካቹ ከሳምንት ሳምንት የሚከተላቸው ሰዎች ያሉበት ነበር። በ1952 መጀመሪያ ዱሞንት የተባለው ኔትወርክ በዚያው ማክሰኞ፣ በዚያው 2 ሰዓት፣ ካቶሊኩን ጳጳስ ፉልተን ሺንን በጥቁር ሰሌዳ ፊት አቁሞ አስተማረ። ጳጳሱ በርልን አላሸነፉትም፤ ግን ማንም ያልጠበቀውን ያህል ተመልካች ወሰዱበት፤ ኤሚ የተባለውን የቴሌቪዥን ሽልማት በተቀበሉ ጊዜም ጸሐፊዎቼን ማቴዎስን፣ ማርቆስን፣ ሉቃስንና ዮሐንስን አመሰግናለሁ አሉ። በርልም ሁለታችንም የምንሠራው ለአንድ አለቃ ነው፣ ለስካይ ቺፍ ብሎ ቀለደ። ስካይ ቺፍ የሰማይ አለቃ ማለት ነው፤ የቴክሳኮ ቤንዚን መጠሪያም ነበር። ይህ ከቀልዶቹ ሁሉ ምርጡ ሳይሆን አይቀርም ብዬ አስባለሁ።

በ1952 መኸር ጉድማን ኤስ የተባለ ከሬዲዮ የመጣ ጸሐፊ ተቀጠረ፤ የእንግዶቹን ሰልፍ ቀንሶ ፕሮግራሙን ስለ አንድ የቴሌቪዥን ፕሮግራም አሠራር የሚተርክ ኮሜዲ አደረገው። በርል አሁን ሌላውን የሚያውክ ሳይሆን የሚታወክ ሰው ሆነ። ጽሑፉ ከበፊቱ ይሻላል፤ ግን በርል ያስቅ የነበረው መረን በመውጣቱ ነበርና በጥሩ ጽሑፍ ውስጥ ታሥሮ አየዋለሁ። በ1953 ቴክሳኮ ተወው፤ ቢዩክ የተባለው መኪና አምራች ተካው፤ እሱም በ1955 ሄደ። በዚያ ዓመት ተፎካካሪው ኔትወርክ ሲቢኤስ በማክሰኞ ሰዓቱ ላይ ያሰለፈበት ፊል ሲልቨርስ ራሱ የመድረክ ቀልድ ልጅ ነበር፤ እሱ ግን የመጣው አንድ አጭበርባሪ የጦር ሠራዊት ሃምሳ አለቃ ሆኖ፣ ገጸ ባሕርይ ይዞ ነው። የበርል ፕሮግራም በ1956 ተቋረጠ። ሊቋረጥ ሲቃረብ ኤልቪስ ፕሪስሊን ሁለት ጊዜ አቀረበ፤ በሁለተኛው፣ በሰኔ 5፣ የዘፋኙ የወገብ እንቅስቃሴ አገር አነጋገረ፤ ያ ሁከትም የመጣው በዚያው በቮድቪሉ መድረክ ላይ ነው።

ታዲያ ቮድቪል በቴሌቪዥን ሞተ ማለት ነው? አይደለም። ከመጋረጃው ፊት ያለችውን ጠባብ ቦታ ያስታወሳችሁልኝ እንደሆነ፣ ጆርጅ በርንስና ግሬሲ አለን ከዚያ የወጡ ናቸው። ጥንድ ሆነው ሲጀምሩ ቀልዱን የሚናገረው ጆርጅ፣ ጥያቄ እያቀረበች የምታመቻችለት ግሬሲ ነበረች። ሕዝቡ ግን በእሱ መልስ ሳይሆን በእሷ ጥያቄ ሳቀ። ጆርጅ ይህን ሰምቶ ቦታ ተለዋወጡ፤ ለመድረክ ሰው ከዚህ የሚበልጥ ብልኅነት አላውቅም። ግሬሲ የራሷ የሆነ፣ ፈጽሞ የማይናወጥ አመክንዮ ያላት ሴት ሆነች፤ ጆርጅ ሲጋሩን ይዞ «ከዚያስ?» የሚል ሰው ሆነ። ልብስ የለም፣ መውደቅ የለም፤ ወሬ ብቻ ነው። ስለዚህ ሬዲዮ አልጎዳቸውም፤ በጥቅምት 1950 ወደ ሲቢኤስ ቴሌቪዥን ሲገቡም ተመልካቹ የሚያውቃቸውን ባልና ሚስት በሳሎናቸው አገኛቸው።

የጆርጅ ዘዴ ደግሞ ከሁሉ ይገርመኛል። ታሪኩ ሲሄድ ሲሄድ ከቤቱ ትዕይንት ወጥቶ በመድረኩ ጥግ ይቆምና ካሜራውን እያየ ስለሚሆነው ነገር ከተመልካቹ ጋር ያወራል፤ ተመልሶም ወደ ታሪኩ ይገባል። በኋላ ዓመታት እንዲያውም ክፍሉ ውስጥ ቴሌቪዥን ከፍቶ ሚስቱና ጎረቤቶቿ ምን እንደሚያሤሩ ያያል። ይህ ከመጋረጃው ፊት ቆሞ ሕዝብን ማናገር ነው፤ የተለወጠው ለሰገነት ይጮህ የነበረው ድምፅ ወደ ሳሎን ድምፅ መውረዱ ብቻ ነው። ፕሮግራማቸው በ1952 ወደ ፊልም ስለ ተዛወረ ከአንድ ምሽት በኋላም የሚሸጥ ዕቃ ሆነ፤ ግሬሲ በ1958 በቃኝ ብላ እስክታቆም ድረስም ቀጠለ።

በርል እንዲህ ያለ ሁለተኛ ድምፅ አልነበረውም፤ ውል ግን ነበረው። በ1951፣ በዝናው ጫፍ ላይ ሳለ፣ ኤንቢሲ ወደ ሌላ እንዳይሄድበት ሰግቶ የ30 ዓመት ውል በዓመት 200,000 ዶላር አስፈረመው። ከአምስት ዓመት ያህል በኋላ ፕሮግራሙ ተዘጋ፤ ክፍያው ግን አልተዘጋም። ኔትወርኩ የሚከፍለውን ሰው በምን እንደሚያሠራው ቸግሮት በ1960 የቦውሊንግ ጨዋታ ውድድር አቅራቢ አደረገው፤ በሁለት ምት መሀል ቀልድ ጣል እያደረገ። በ1965 ውሉ ተሻሻለ፤ በርል ደመወዙ ወደ 120,000 ዶላር ዝቅ እንዲል ተስማምቶ በሌሎች ኔትወርኮችም የመሥራት ነፃነት አገኘ። ከዚያ ወዲህ በድራማዎች እንግዳ ተዋናይ ሆኖ ብዙ ጊዜ ታይቷል፤ በላስ ቬጋስ የምሽት ክበቦችም ያንኑ የጥንቱን ትርኢት ይዞ ይወጣ ነበር። በዚያ የተቀመጡት ጥቂት መቶ ሰዎች ናቸው፤ ከየከተማው የመጡ፣ ነገ የሚሄዱ፣ በሚቀጥለው ሳምንት በሌሎች የሚተኩ ስለሆኑ ቀልዱን መለወጥ አያስፈልገውም ነበር።